ያየሁት ጃኬቱን ነበር

ሰኞ፣ ኦክቶበር 6

ዛሬም ዝናብ። ከኖርዝጌት እስከ ማውንት ቤከር በላይት ሬል ባቡር ቆሜ። የምረዳቸው ዶክተር ቤት ስደርስ ቁርሳቸውን ራሳቸው ጠብሰው ጨርሰዋል… የእንቁላሉ ግማሽ ምድጃው ላይ ነው። ምንም አላልኩም። ጠረግሁት።

ከቁርስ በኋላ ንባብ። ዶክተር ገብረሕይወት ሠላሳ ዓመት ኮሌጅ ያስተማሩት ስለ ዓይን ነው። ሳሎናቸው ከወለል እስከ ጣሪያ የዓይን መጽሐፍ። አሁን የራሳቸው ዓይን መሃሉ ጠፋ። ዳር ዳሩን ያያሉ፣ ፊት ለፊት ያለውን አያዩም። እኔን ለማየት ጆሮዬን ነው የሚያዩት። መጀመሪያ ሰሞን ከኋላዬ ሰው የቆመ እየመሰለኝ እዞር ነበር።

ሶ፣ እኔ አነብላቸዋለሁ። እንግሊዝኛዬ ሲሰናከል ያርሙኛል፣ ያልገባኝን በአማርኛ ያስረዱኛል። የተቀጠርኩት ለምግብና ለመድኃኒት ነበር… ይኼኛው ግን ከሁሉም ይጥመኛል። ዛሬ ስለ ሌንስ አነበብን። ምስል ዓይናችን ውስጥ የሚገባው ተገልብጦ ነው ለካ! ጭንቅላት ወደ ታች፣ እግር ወደ ላይ።

«ታዲያ ዓለም ለምን ተዘቅዝቆ አይታየንም?» አልኳቸው።

«የሚያየው ዓይን ነው ያለሽ ማነው?» አሉኝ። ሳቁ።

ስመለስ ጣቢያው ላይ አንዲት ሴት ክንዴን ያዘችኝ። «ባየሽ፣ ዛሬም ዘጋሽኝ አይደል?» ድምፅዋን ስሰማ ነው ያወቅኋት። ሠርካለም፣ ከቤተ ክርስቲያን። ሦስት ዓመት ጎን ለጎን ቆመን አስቀድሰናል። «ሐሳብ ይዞኝ ነው» አልኩ። ሁልጊዜ የምለውን። ኩሩ እንደሚሉኝ አውቃለሁ። ምን ላድርግ? ፊት ቶሎ አይያዝልኝም። የስንቱን ፊት ይዤ እችላለሁ?

ረቡዕ፣ ኦክቶበር 8

ጫማዬን ሳላወልቅ ነው የምጽፈው።

ዛሬ አዲስ ምዕራፍ ጀመርን፣ አንጎል ፊትን እንዴት እንደሚለይ የሚል። አነበብኩ… ሰው የሚያውቀውን ፊት ዓይኑን ጨፍኖ እስኪገልጥ ባለው ጊዜ ይለያል ይላል። ፀጉሩ ቢቆረጥም። ልብሱ ቢቀየርም። ሃያ ዓመት ቢያልፍም።

አቆምኩ። «ይኼ መጽሐፍ ተሳስቷል አይደል ዶክተር?»

«ምኑ?»

«ፊት ብቻ አይቶ? ድምፅ ሳይሰማ? ልብስ ሳያይ?»

ሻያቸውን አነሱ። ከዚያ «አንቺ ሰው በምን ታውቂያለሽ?» አሉኝ።

«እንደ ማንም ሰው ነዋ። በፀጉሩ፣ በአካሄዱ፣ በድምፁ፣ በሚለብሰው።»

«በፊቱስ?»

«ፊት እኮ… ዓይን፣ አፍንጫ፣ አፍ ነው። ሁሉም ሰው አለው።»

የያዙትን ሻይ አስቀመጡ። «ዓይንሽን ጨፍኚ። እናትሽን አስቢያቸው። ፊታቸውን።»

ጨፈንኩ። ነጠላዋ መጣ። አውራ ጣቷ ላይ ያለው የቃጠሎ ጠባሳ መጣ። «አንቺ ልጅ» ስትል ድምፅዋ መጣ። ፊቷ ጋ… ምንም። ጠበቅሁ። ምንም!

«ቀጥዪ፣ አንብቢው» አሉኝ ቀስ ብለው።

ከመቶ ሰው ሁለቱ እንዲህ ሆኖ ይወለዳል ይላል። ዓይናቸው ጤነኛ ነው። አፍንጫን ያያሉ፣ አፍን ያያሉ፣ ያንን አንድ ላይ አድርጎ «ይኼ እገሌ ነው» የሚለው የአንጎል ክፍል ግን አይሠራላቸውም። ብዙዎቹ እስኪያረጁ አያውቁትም፣ ሌላውም ሰው እንደነሱ ይመስላቸዋል።

አርባ አንድ ዓመቴ ነው።

ሐሙስ፣ ኦክቶበር 9

ባቡር ውስጥ የሰው ፊት ሳይ ዋልኩ። እነዚህ ሁሉ እርስ በርሳቸው ይተዋወቃሉ ማለት ነው? እንዲሁ በማየት?

ቅዳሜ፣ ኦክቶበር 11

ለልጄ ለኖላዊት ነገርኳት። አሥራ አምስት ዓመቷ ነው፣ ምንም ነገር ሳታጣራ አታምንም። «ማም፣ ኖ ዌይ» አለች። ላፕቶፗን ይዛ ገባች፣ አንድ ሰዓት ሠርታ ወጣች። ከትምህርት ቤቷ የፎቶ መጽሐፍ የአሥራ ሁለት ልጆች ፎቶ ወስዳ ፀጉሩንም ጆሮውንም ልብሱንም ቆርጣ አውጥታዋለች። ፊት ብቻ። አሥራ ሁለት ፊት።

«አንዷ እኔ ነኝ» አለች። «ፈልጊኝ።»

ሳቅሁ። ልጄን? አየሁ… ደግሜ አየሁ። ሳቁ ከአፌ ላይ ደረቀ። አራተኛዋን ነካሁ።

«ሹር ነሽ?»

«አዎ።»

ጣቷን ሌላ ፎቶ ላይ አደረገች። «ማም… ዛት ኢዝ ኖት ሚ።» ዘጠነኛዋ ነበረች።

ክው አልኩ። ዘጠኝ ወር የተሸከምኳትን ልጅ!

እሷ ደግሞ ሌላ ነገር ታስብ ነበር። «ትምህርት ቤት ልትወስጂኝ ስትመጪ ከመኪና የማትወርጂው ለዚህ ነው?» አለችኝ። አስቤው አላውቅም። ግን እውነቷን ነው… የመኪናውን በር የከፈተችው ልጅ የኔ ናት። «ሰከንድ ግሬድ እያለሁ» አለች፣ «አንድ ቀን የሌላ ልጅ እጅ ይዘሽ ሄድሽ። እኔ ቆሜ እያየሁሽ። አይ ቶት… መሰለኝ…» አልጨረሰችውም። ምን ብላ እንዳሰበች አልጠየቅኋትም። አቅፌያት ቆየሁ።

እሑድ፣ ኦክቶበር 12

ቅዳሴ መሃል ላይ መጣብኝ። ቀጥ ብዬ ቆሜ ሳለሁ።

አወል!

ለራሴ ብቻ ስለሆነ የምጽፈው ሁሉንም ልጻፈው። የዛሬ ሁለት ዓመት ኦበርን ከተማ ነበርኩ፣ ዌርሃውስ በሚሉት የዕቃ መጋዘን ውስጥ። አወልና ሚስቱ ሰሃርላ ጎረቤቶቼም የሥራ ባልደረቦቼም ነበሩ። ከሰሃርላ ጋር አንድ ሺፍት፣ አንድ መኪና፣ ምሳችን አንድ ሳህን። አንድ ከሰዓት በኋላ ከተቆለፈው ክፍል ስልኮች ጠፉ። የዚያ ኮሪደር ካሜራ ከተበላሸ ሰንብቷል። ማናጀሩ ምሳ ክፍል ሰብስቦ ያየ አለ ወይ አለ። አለሁ አልኩ። አወል ቦርሳ ይዞ ከዚያ ክፍል ሲወጣ አይቻለሁ አልኩ።

«እርግጠኛ ነሽ?»

«መቶ ፐርሰንት።»

ሁሉም ሰው ፊት። አወል ከተቀመጠበት ተነሳ። «ባየሽ? እኔን? ወላሂ እዚያ ክፍል አልገባሁም! ፊቴን አይተሻል?»

«አይቻለሁ» አልኩት።

የዚያኑ ዕለት አባረሩት። በማግስቱ ሰሃርላ መኪናው ጋ አልመጣችም። ከዚያ በኋላ አንድም ቃል አልተናገረችኝም። እኔም ወደ ኖርዝጌት ለቀቅሁ። ታላቅ ወንድሙ ኑሩ «ስማችንን አጠፋ» ብሎ ቤቱ እንዳይደርስ እንደከለከለው ሰማሁ። መስጊድ ሰው ሲንሾካሾክበት ጁምዓ መሄድ እንዳቆመም ሰማሁ። የእጁን ነው ያገኘው አልኩ። አዎ፣ ብያለሁ።

አሁን ያን ኮሪደር አስባለሁ። ምን አየሁ? ቡናማ ጃኬት፣ አወል የሚለብሰው ዓይነት። እንደ አወል ግራ ትከሻው ሰበር ያለ፣ ቦርሳ የያዘ ሰው። ፈጠን ያለ አካሄድ። ፊቱ? ዓይኔን ጨፍኜ ሞከርኩ፣ እንደ እናቴ ጊዜ ሞከርኩ…

ጃኬት። ጃኬት ብቻ።

በክረምት እዚያ ከሚሠራው ወንድ ግማሹ ያንን ቡናማ ጃኬት ይለብሳል። ከባድ ቦርሳ ያንጠለጠለ ሰው ደግሞ የማንስ ትከሻ ሰበር አይልም?

ሰኞ፣ ኦክቶበር 13

ታምሜያለሁ ብዬ ኮል አደረግሁ። አልዋሸሁም።

ማክሰኞ፣ ኦክቶበር 14

መጽሐፉን ሳልከፍት ለዶክተር ነገርኳቸው። ሳያቋርጡኝ ሰሙ።

«ግን እኮ እሱም ሊሆን ይችላል» አልኩ በመጨረሻ።

«ሊሆን ይችላል። ላይሆንም ይችላል። አንቺ ግን ሊሆን ይችላል አላልሽም።»

«ሳላውቅ ነው ዶክተር።»

«አዎ» አሉ ወደ ጆሮዬ እያዩ። «እስካለፈው ረቡዕ ድረስ ሳታውቂ ነው።»

ባይሉኝ ይሻል ነበር… አይ፣ አይሻልም። ስልክ አንስተው ሐኪም ከሆነ የድሮ ተማሪያቸው ጋ ደወሉ። በደንብ እንድመረመር።

ዓርብ፣ ኦክቶበር 24

ምርመራው ላይ ሦስት ሰዓት ሙሉ የሰው ፊት ፎቶ ሲያሳዩኝ ዋሉ። «ይህን ቅድም አይተሽዋል?» አዎ… አይ… አላውቅም። ሲደክመኝ እየገመትኩ ነበር። የዓይኔንም ምርመራ አደረጉ። «ዓይንሽ እንከን የለውም» አለኝ ዓይኔን ያየው ሐኪም፣ ደስ የሚል ወሬ የነገረኝ መስሎት።

ሰኞ፣ ኖቬምበር 3

የምርመራው ደብዳቤ መጣ። ሁለት ገጽ። በግምት ከሚሠራ ሰው ብዙም እንደማልሻል ነው የሚለው። ከልጅነቴ ጀምሮ ያለ ነው። መድኃኒት የለውም።

ኖላዊት አንብባ «አት ሊስት አሁን ስም አለው» አለች። ልታጽናናኝ ነው። ለኔ ስም ተገኘለት። አወልን ሌባ ያሰኘው ስምስ?

ሐሙስ፣ ኖቬምበር 6

እውነቱን ልጻፍ። ዛሬ ቀኑን ሙሉ ዝም ልበል እያልኩ ነው የዋልኩት። ማን ያውቅብኛል? ዶክተር አይናገሩም። አወልም ሌላ ሥራ ይዟል ይባላል፣ ረስቶታል ይሆናል…

ሰው ሌባ መባሉን ይረሳል? እኔ ኩሩ መባሌን መቼ ረሳሁ?

ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ እሄዳለሁ።

ቅዳሜ፣ ኖቬምበር 8

ሄድኩ። ኦበርን፣ ያው ቤት። መኪናዬን ፓርክ አድርጌ ትንሽ ተቀመጥኩ፣ ከዚያ ወጥቼ ደወልኩ።

አንድ ሰውዬ ከፈተ። ቀጭን፣ ሽበት የጣለበት ጺም፣ መነጽር ያደረገ። ዘመድ ይሆናል አልኩ።

«እንደምን ዋሉ? አወል አለ?»

አየኝ። አልመለሰልኝም። አማርኛ አይችል ይሆን? ብዬ አሰብኩና ቀጠልኩ። «ባየሽ እባላለሁ። ድሮ ከአወልና ከሰሃርላ ጋር አብረን እንሠራ ነበር። ትንሽ የምነግረው ነገር… ከሌለም እጠብቃለሁ።»

በሩን የያዘው እጁ ብቻ ጠበቅ ሲል አየሁ።

ከውስጥ የሰሃርላ ድምፅ መጣ። «አወል፣ ማነው?»

«ባየሽ ናት» አለ ሰውዬው፣ ዓይኑን ከኔ ሳይነቅል። «አወል አለ ወይ እያለችኝ ነው። እኔን።»

የበሩን መቃን ይዤ ነው የቆምኩት። ጺሙን አላውቀውም፣ መነጽሩን አላውቀውም፣ ከስቷል… ድምፁ ግን የአወል ነው። መቶ ፐርሰንት አይቼዋለሁ ያልኩት ሰው ከፊቴ አንድ ክንድ ርቀት ላይ ቆሞ፣ አወል አለ ወይ አልኩት!

ሰሃርላ እየሮጠች ወጣች። «ልትቀልጂብን ነው የመጣሽው? አይበቃሽም?» ደብዳቤውን አውጥቼ ዘረጋሁላቸው። አወል በሁለት እጁ ይዞ ነው ያነበበው። እዚያው በር ላይ፣ ቆሞ። ሁለቴ አነበበው።

«የዚያን ቀንስ?» አለ።

«ጃኬቱን ነው ያየሁት አወል። ፊት አላየሁም። አይቻለሁ ያልኩት… አይቻለሁ ብዬ ስለማምን ነው። ማየት እንደዚያ ይመስለኝ ነበር።»

«ጃኬቱን።»

«አዎ።»

ሰሃርላ ግድግዳውን ተደግፋ ቁጭ አለች። አወል ደብዳቤውን አጣጥፎ መለሰልኝ። ጠርዙን አስተካክሎ ነው ያጣጠፈው፣ ያ ነው የከበደኝ። «አሁን ሂጂ» አለ። በሩን ቀስ አድርጎ ዘጋው። ቢያላትመው ይሻለኝ ነበር።

ሰኞ፣ ኖቬምበር 10

ለድሮው መሥሪያ ቤቴ ጻፍኩ። ኖላዊት እንግሊዝኛውን አረመችልኝ። «አላየሁም» የሚለውን «እርግጠኛ አይደለሁም» ብላ ልታለሳልስልኝ ሞክራ ነበር። አይሆንም አልኳት። አላየሁም።

ረቡዕ፣ ኖቬምበር 12

ከአወል ቴክስት ገባ። «የተናገርሽው ሰው ፊት ነው። የምትመልሺውም ሰው ፊት ነው። እሑድ፣ ኑሩ ቤት።» ኑሩ ደግሞ እሺ ብሎት ነው?

እሑድ፣ ኖቬምበር 16

ሃያ ሰው ይሆናል። ሽማግሌዎች፣ አብረውን ይሠሩ የነበሩ፣ ጎረቤት። ኖላዊት ካልመጣሁ ብላ አብራኝ መጣች፣ በር ላይ ጫማችንን አወለቅን። እጄን አለቀቀችም።

ተነስቼ ተናገርኩ። ያዘጋጀሁት ሁሉ ጠፋብኝ። ፊት እንደማላውቅ፣ እስካለፈው ወር ድረስ ይህን እንደማላውቅ፣ ያን ቀን ያየሁት ጃኬት እንደሆነ፣ አወልን እንዳላየሁት። ልጄን ከፎቶ መሃል ለይቼ ማውጣት እንዳቃተኝም ነገርኳቸው። እዚያ ላይ አንዲት እናት «ያ ረቢ» ሲሉ ተሰማኝ።

አንድ ሽማግሌ ጠየቁኝ። «ልጄ፣ ማንም ሳያስገድድሽ ለምን መጣሽ?»

«ሳላውቅ ተናገርኩ። ካወቅሁ በኋላ ግን ዝም ካልኩ… ሁለተኛ ከስሼው ማለት ነው።»

ከዚያ ኑሩ ተነሳ። ትልቅ ሰውዬ ነው፣ ድምፁም ትልቅ። ሊቆጣኝ መሰለኝ፣ ተዘጋጀሁ። ወደኔ አልዞረም። ወደ ወንድሙ ነው የሄደው።

«እሷ ፊት አታውቅም» አለ። «ፈጣሪ ያልሰጣት ነገር ነው። እኔ ግን ይኼን ፊት ከተወለደ ጀምሮ አውቀዋለሁ። ሲዋሽ ምን እንደሚመስል አውቃለሁ፣ እውነት ሲናገር ምን እንደሚመስል አውቃለሁ። ቤቴ መጥቶ ወላሂ ሲለኝ ፊቱን እያየሁ ነው ያላመንኩት። ዓይኔ እያየ!»

ጎንበስ ብሎ የታናሽ ወንድሙን ጉልበት ያዘ። አወል «ተው፣ ተነስ፣ ተው ኑሬ» ይላል፣ ግን እሱም እያለቀሰ ነበር። ቤቱ ውስጥ ያላለቀሰ አልነበረም።

ልንወጣ ስንል አወል በሩ ጋ መጣ። «ይቅር ብያለሁ እንድልሽ አትጠብቂ» አለኝ። «ሁለት ዓመት ነው። ግን አምኜሻለሁ። ለዛሬ እሱን ያዢ።»

ያዝኩ።

እሑድ፣ ኖቬምበር 23

ለሠርካለም ነገርኳት። «እኔ እኮ ንቀሽኝ ነበር የመሰለኝ» ብላ ሳመችኝ። ከእንግዲህ ለማንም ቀድሜ እናገራለሁ፦ ፊት አላውቅም፣ ስምሽን ንገሪኝ።

ረቡዕ፣ ዲሴምበር 3

ድርጅቱ መለሰ። የአወልን ፋይል አስተካክለዋል፣ በስሙ የይቅርታ ደብዳቤ ጽፈውለታል። ተመልሶ እንዲሠራም ጠይቀውታል። እምቢ አለ አሉ። ጥሩ አደረገ።

ስልኮቹን የወሰደው ማን እንደሆነ ዛሬም አይታወቅም። አጠገቤ ቢቀመጥ እንኳ አላውቀውም።

ዓርብ፣ ዲሴምበር 12

ለዶክተር እያነበብኩ ነበር። ስልኬ ጠራ፣ የማላውቀው ቁጥር።

«ባየሽ።»

አንድ ቃል ናት። ከዚያ በላይ አላስፈለገኝም። በስልክ ከማንም ሰው እኩል ነኝ።

«ሰሃርላ?»

የመኪና ድምፅ ይሰማኛል፣ የሰዎች ወሬ። መጽሐፉን ዘጋሁ። ዶክተር ነገሩ ገባቸው መሰለኝ ዱላቸውን ይዘው ወደ ኩሽና ሄዱልኝ።

«መስጊድ ፓርኪንግ ውስጥ ነኝ» አለች በመጨረሻ። «አወል ጁምዓ ገባ። ከኑሩ ጋር። ከሁለት ዓመት በኋላ… ለማን ልንገር ብዬ ሳስብ አንቺ መጣሽብኝ። ለምን እንደሆነ አላውቅም። አሁንም ተናድጄብሻለሁ እኮ።»

«አውቃለሁ።»

«እንባዬ አልቆም አለኝ።»

«አልቅሺ። እዚሁ ነኝ።»

ስልኩን አልዘጋችውም። እኔም አልዘጋሁም። ብዙም አላወራንም። አንዴ ስለ ኖላዊት ጠየቀችኝ፣ «አድጋለች» አልኩ። ዝናቡ እዚያም እየጣለ እንደሆነ ነገረችኝ። ከዚያ ትንፋሽዋ ቆም አለ።

«ወጣ» አለች። «ሰው ሰላም እያለው ነው። ሽማግሌዎቹ ከበውታል።»

«ፊቱ እንዴት ነው?» አልኳት። «ንገሪኝ።»

የመኪና በር ስትከፍት ሰማሁ።

«በርቷል» አለችኝ።